እማዬን በቪዲዮ መርምረው «ከ30 ውስጥ 11» አሉን፤ ጅማ ላይ እንዲህ ያለ ምርመራ ያሠራ ሰው አለ?

የቅመም ልጅ
ማክሰኞ፣ ከምሽቱ 2፡10

ሰላም ቤቶች። ጽሑፌ ይረዝማል፣ ታገሱኝ።

እማዬ 70 አልፏታል። ትክክለኛውን እሷም አታውቀውም። ጅማ መርካቶ ውስጥ ከ40 ዓመት በላይ በርበሬና ቅመም ሸጣለች። የትምህርት ቤት ደጃፍ አልረገጠችም። የዱቤ መዝገቧ ጭንቅላቷ ነበር። ማን የስንት ብር ኮረሪማ እንደወሰደ፣ መቼ እከፍላለሁ እንዳለ፣ ግማሹን በማን እጅ እንደላከ፣ ሁሉንም ትነግርሃለች። ተሳስተሻል ያላት ሰው አላስታውስም።

ካለፈው ፋሲካ ወዲህ ነገሩ ተቀየረ። አንድ የቆየ ደንበኛዋን የከፈለውን ዱቤ ደግማ ጠየቀችው። ሰው ፊት ተጨቃጨቁ። ሌላ ቀን ደግሞ በርበሬው ላይ ጥቁር አዝሙድ ማድረጓን ረስታ ድጋሚ ጨመረች። አሁን ሱቁን ታናሽ እህቴ ይዛዋለች።

ወንድሜ ውጭ አገር ነው። «አዲስ አበባ ድረስ 350 ኪሎ ሜትር አታንገላቷት፣ በቪዲዮ የሚመረምሩ አሉ» ብሎ ከፍሎ ቀጠሮ አስያዘ። ድርጅቱን አልጠራም። መልእክቱ ላይ 9፡00 ይላል። እኛም በ9 ሰዓት ቡናችንን አፍልተን፣ ስልኩን ከስኳር ዕቃው ጋር አስደግፈን ተቀመጥን። ለካ በፈረንጅ 9፡00 ነው፣ ጠዋት 3 ሰዓት! ቀጠሮው አለፈ፣ እንደገና ተከፈለ።

በሁለተኛው ቀን ሱቅ ውስጥ ሆነን ነው የገባነው፣ ኔትወርኩ እዚያ ይሻላል ብለን። ከጎን ወፍጮ ቤት አለ። መርማሪው ልጅ እግር ነው። እናቴን «አንቺ» እያለ ነው የሚጠይቃት። «ከ100 ላይ 7 እየቀነስሽ ቁጠሪ» አላት። ወረቀት ላይ ሳይ አላት። እማዬ እስክሪብቶ ይዛ አታውቅም። «ዛሬ ቀኑ ስንት ነው?» ሲላት «ሚካኤል ነው» አለች። እውነቷን ነው፣ ወሩ በ12 ነበር። እሱ ግን «ቀኑን ነው የጠየቅኩሽ» ብሎ አለፈ። የእህቴ ልጅ ደግሞ ከስልኩ ጀርባ ሆና «እማማ፣ ሐሙስ በይ» እያለች ታንሾካሹካለች።

20 ደቂቃ ቢሆን ነው። ማታ በቴሌግራም ውጤት መጣ። ከ30 ውስጥ 11፣ «መካከለኛ ደረጃ የመርሳት በሽታ»፣ ከሥሩ የመድኃኒት ስም። እህቴ ድምጿን ከፍ አድርጋ ስታነብ እማዬ ሰማች። ሁለት ቀን እህል አልቀመሰችም።

ጥያቄዬ ይሄ ነው። በስክሪን የሚደረግ የአእምሮ ምርመራ ይታመናል? ወይስ ተበላን?

ጅሬን ዳገት
ማክሰኞ፣ ከምሽቱ 2፡31

እርጅና ነው ልጄ። እኔም መነጽሬን ግንባሬ ላይ አድርጌ ስፈልገው እውላለሁ። በስልክ ጭንቅላት ይመረመራል ሲሉ ማመናችሁ ነው የገረመኝ።

ሲስተር ቀስ በቀስ
ማክሰኞ፣ ከምሽቱ 3፡05

የቅመም ልጅ፣ መጀመሪያ ነገር፦ በአካል ሐኪም ሳያያት መድኃኒቱን እንዳትጀምሩ። ጅማ ውስጥ በአእምሮ ጤና ክፍል ነው የምሠራው፣ እንዲህ ያለ ወረቀት ይዞ የሚመጣ ሰው አይቻለሁ።

አሁን እነዚህን መልሺልኝ። ጆሮዋ እንዴት ነው? ምን ኪኒን ትወስዳለች? ከፋርማሲ በራሷ የምትገዛውንም ጭምር። እንቅልፏስ? ቤት ውስጥ ሐዘን ነበር? መርሳቱ ቀስ እያለ ነው የመጣው ወይስ በአንድ ሳምንት? በቅርብ ወድቃ ጭንቅላቷን ተመትታ ነበር?

የምጠይቅሽ ያለ ምክንያት አይደለም። የቫይታሚን ቢ12 ማነስ፣ የታይሮይድ ችግር፣ ድብርት፣ አንዳንድ የአለርጂና የእንቅልፍ ኪኒኖች ሰውን ያስረሳሉ። መውደቅ ካለ ደግሞ ጭንቅላት ውስጥ ደም ተጠራቅሞ ሊሆን ይችላል። ብዙዎቹ ይታከማሉ። በድንገት ከሆነና የምትቀባጥር ከሆነ ቪዲዮም ቀጠሮም አያስፈልግም፣ በዚያው ሰዓት ድንገተኛ ክፍል ነው።

ጋሽ ጅሬን ዳገት፣ መነጽር መርሳት ሌላ፣ መነጽር ለምን እንደሆነ መርሳት ሌላ።

ጅሬን ዳገት
ማክሰኞ፣ ከምሽቱ 3፡12

እሺ ሲስተር፣ ተቀጣሁ።

የቅመም ልጅ
ማክሰኞ፣ ከምሽቱ 3፡40

ሲስተር እግዜር ይስጥልኝ። ቀስ እያለ ነው የመጣው። አልወደቀችም። ጆሮዋ... ቴሌቪዥኑን ጎረቤት እስኪሰማ ነው የምትከፍተው። ኪኒን አልወስድም ትላለች፣ ግን ለማሳከክ ብላ የምትገዛት ቢጫ ኪኒን አለች፣ «እንቅልፍ ታመጣልኛለች» ብላ በየማታው ነው የምትውጣት። ከስንት ጊዜ ጀምሮ እንደሆነ እንጃ። አባባ ካረፈ ዓመት ከሁለት ወር ሆኖታል። ከቀብሩ ወዲህ ስታለቅስ አላየኋትም። ይህን ስጽፍ ነው ልብ ያልኩት።

ፊደል ቆጣሪ
ማክሰኞ፣ ከምሽቱ 4፡25

ሥራዬ ይሄው ነው። ሰው የማስታወስ፣ የትኩረትና የቋንቋ ፈተና ሲፈተን አጠገቡ ቁጭ ብዬ ነጥብ እይዛለሁ። ከኮሮና ወዲህ ከሥራዬ ከፊሉ በቪዲዮ ነው። ስለዚህ ለሁለቱም ወገን ላዳላ።

ነገሩ አዲስ አይደለም። በስልክ ብቻ የሚሠራ «ቲክስ» የሚባል መመዘኛ እ.ኤ.አ. በ1988 ነው የወጣው። በቪዲዮ ደግሞ እ.ኤ.አ. በ2014 አሜሪካ ውስጥ 202 ሰዎችን አንዴ በአካል፣ አንዴ በስክሪን ፈትነው አወዳደሩ። ውጤቱ ተቀራራቢ ነበር። እ.ኤ.አ. በ2017 ደግሞ 12 ጥናቶችን በአንድ ላይ የደመረ ሥራ ወጣ፣ 497 ሰው። ቁጥር ሰምቶ መድገም፣ የቃላት ዝርዝር መያዝ፣ የእንስሳት ስም መደርደር፣ እነዚህ በቪዲዮም በአካልም ያው ናቸው። በጆሮ ገብቶ በአፍ የሚወጣ ፈተና ስክሪኑን ይሻገራል። የእጅ ሥራና በሰዓት የሚለካ ነገር ሲመጣ ነው የሚያስቸግረው።

ታዲያ ያንቺ እናት ጉዳይ ምን ሆነ? በነዚያ ጥናቶች ውስጥ በብዛት ተፈታኙ ክሊኒክ ክፍል ውስጥ ነበር። ጸጥ ያለ። ስክሪኑ ትልቅ። መሣሪያውን አዘጋጅቶ የሚወጣ ሠራተኛ ነበር። የናንተ ግን ወፍጮ ቤት ጎን ነው፣ ስኳር ዕቃ ላይ። ጥናቱ ስለዚያኛው ክፍል እንጂ ስለ ሱቃችሁ የተናገረው ነገር የለም።

ሌላው ፈተናው ራሱ ነው። ከ30 የሚታረሙ መመዘኛዎች ብዙ ናቸው። ትልቁና የታወቀው እ.ኤ.አ. በ1975 የወጣው ኤምኤምኤስኢ ነው። እ.ኤ.አ. በ2005 የወጣው ሞካ ደግሞ...

ባጃጅ ከአጋሮ
ማክሰኞ፣ ከምሽቱ 4፡27

ሞካ ስትል ቡና መስሎኝ ነበር የገባሁት 😂

ፊደል ቆጣሪ
ማክሰኞ፣ ከምሽቱ 4፡49

ጅማ ሆነህ ብትሳሳት አይፈረድብህም። ቀደም ብሎ ሄደብኝ፣ ልቀጥል።

ሞካ 12 ዓመትና ከዚያ በታች ለተማረ ሰው አንድ ነጥብ ይጨምራል። አንድ! እናትሽ ዜሮ ዓመት ናት። ጭራሽ ላልተማረ ሰው ተብሎ የተዘጋጀ ሌላ ዓይነት ሞካ አለ፣ ያን ይጠቀሙ አይጠቀሙ አልነገሩሽም። እንደነገርሽን ከሆነ ያልተጠቀሙ ይመስለኛል። እስክሪብቶ ይዛ የማታውቅ ሴት ቅርጽ ሳይ ብትባልና ባትስል፣ የተለካው አእምሮዋ ሳይሆን ድሮ ያላገኘችው ትምህርት ነው።

የኛን ዓይነት ሰው አስበው የተሠሩ መመዘኛዎች አሉ። ሩዳስ እ.ኤ.አ. በ2004 አውስትራሊያ ውስጥ የተሠራው ቋንቋና ትምህርት እንዳያዛባው ተብሎ ነው። ታንዛኒያና ናይጄሪያ ውስጥ የተሠራው አይዲያ ደግሞ እስክሪብቶና ወረቀት አይፈልግም። በክብሪት እንጨት ቅርጽ ነው የምታሠሪው። ከ15 ነው የሚታረመው። ክብሪት ለእናትሽ እንግዳ ነው? አይደለም።

«ከ100 ላይ 7» የሚለውንም አስቢው። 40 ዓመት ብር የቆጠረች ሴት ነች። «የ7 ብር ሎሚ ገዝተው 100 ብር ቢሰጡኝ ስንት ልመልስ?» ብትያት ታውቀው ይሆናል። ግን ይሄን እኔ በራሴ ብቀይረው ነጥቡ ከማንም ጋር የማይወዳደር ይሆናል። ለዚህ ነው መመዘኛ ተተርጉሞ ብቻ የማይበቃው፣ በአገሩ ሰው ላይ ተሞክሮ መስተካከል አለበት።

አዲስ ገቢ 3
ረቡዕ፣ ከጠዋቱ 1፡50

እኔ ፈተናውን አግኝቼዋለሁ፣ አምስቱ ቃላት እነዚህ ናቸው፣ እናትሽን ቀድመሽ አለማምጃት፦ *(በአወያይ ተሰርዟል)*

አወያይ
ረቡዕ፣ ከጠዋቱ 2፡15

የፈተና ቃላት እዚህ አይለጠፉም። ሰው ቃላቱን ሸምድዶ ቢገባ ራሱን ነው የሚያታልለው፣ በሽታው እያለ «ጤነኛ» ተብሎ ይመለሳል። አዲስ ገቢ 3፣ በቅን ልብ እንዳደረግከው እናውቃለን።

ሽቦ
ረቡዕ፣ ከጠዋቱ 4፡20

የኔ ሙያ ኔትወርክ ነው፣ ጭንቅላቱን ለናንተ ትቼ ስለ መስመሩ ልናገር።

ለቪዲዮ ብዙ ፍጥነት አያስፈልግም፣ ሰከንድ በሰከንድ 1 ሜጋቢት የሚጠጋ ካገኘህ ሰው ታያለህ። የሚያበላሸው መቆራረጡ ነው። መርማሪው «5... 2... 9...» ብሎ በሰከንድ አንድ ቁጥር ይላል። መስመሩ ለ2 ሰከንድ ይይዝና ሲለቅ «529» ሆኖ በአንድ ትንፋሽ ይደርሳል። ሰማሁ ያለ ሰው እንኳ አይዘውም። ሽማግሌ ሲሆን ደግሞ ተወው።

ስለዚህ፦ ስልኩን በእጅ አትያዙ፣ ከምንም ነገር ጋር አስራችሁ አቁሙት። ባለ ሽቦ ኤርፎን ተጠቀሙ፣ ብሉቱዙ ራሱ ያዘገያል። ቤት ያለውን ሌላ ስልክ ሁሉ ከዋይፋይ አስወጡ፣ ልጆቹ ቪዲዮ ሲያወርዱ ነው የምትጠፉት። መብራት ቢሄድ ብላችሁ ፓወር ባንክ፣ ሌላ ሲም ላይ ፓኬጅ። እኛ ጋ ፈረንጅ አራዳ አካባቢ ጠዋት ከ3 እስከ 5 ሰዓት ይሻላል፣ ማታ ሁሉም ሰው ሲገባ ይጨናነቃል። የናንተን ሰፈር ቀድማችሁ በሌላ ቀን ሞክሩት።

መርማሪውን ደግሞ አንድ ነገር ጠይቁት፣ «መሀል ላይ ቢቆረጥ ምን ታደርጋለህ?» በሉት። «ያው እደግመዋለሁ» ካለ ተጠንቀቁ።

ፊደል ቆጣሪ
ረቡዕ፣ ከጠዋቱ 4፡41

ሽቦ ልክ ነው። ያንኑ ዝርዝር ከደገምኩት ሰውየው ሁለት ጊዜ ሰማ ማለት ነው፣ ነጥቡ ከፍ ይላል። ወደ ሌላ ተመሳሳይ ዝርዝር መቀየር ነው ያለብኝ፣ መቆረጡንም ሪፖርቱ ላይ እጽፋለሁ። በጣት ቶሎ ቶሎ መታ መታ የሚያስደርጉ ፈተናዎችማ በቪዲዮ አይቆጠሩም። ምስሉ ራሱ እየዘለለ ሰውየው 20 ቢመታ አንተ 12 ታያለህ።

ባጃጅ ከአጋሮ
ረቡዕ፣ ከቀኑ 7፡30

አሁን ከቁም ነገር። ታናሽ ወንድሜ ሞተር ሲነዳ ተገልብጦ ጭንቅላቱን ተመትቷል፣ 8 ወሩ። ቁስሉ ድኗል። ግን ዕቃ ግዛ ብለህ ብትልከው ገበያ ደርሶ ምን እንደተላከ ይጠፋዋል። ቶሎ ይቆጣል፣ ድሮ እንዲያ አልነበረም። ለክትትል ከአጋሮ ጅማ እየተመላለስን ነው። እሱንም በስልክ መከታተል ይቻላል?

ሲስተር ቀስ በቀስ
ረቡዕ፣ ከምሽቱ 1፡15

ወንድሜ፣ አንዴ በአካል በደንብ ከታየ በኋላ ክትትሉ ለስልክ የሚመች ነው። እንዲያውም ለእንክብካቤው ስልክ ይሻላል እላለሁ። ለምን? እኔ ቢሮዬ ቁጭ ብዬ «ቤት ውስጥ ዕቃ የምታስቀምጠው የት ነው?» ብለው አይገባኝም። በቪዲዮ ግን ክፍሉን ያሳየኛል። «ቁልፉን እዚያ ምስማር ላይ ስቀል፣ ሁልጊዜ እዚያው» እለዋለሁ። እያየሁት ይሰቅላል።

ሲላክ አንድ ነገር ብቻ ይላክ። የሚገዛውን ራሱ ወደ ስልኩ በድምፁ ይቅዳ፣ ገበያ ሲደርስ ይስማው። መድኃኒት ካለው በደወል። ቁጣው የጉዳቱ አካል ሊሆን ይችላል፣ ባሕርይው ተበላሸ ብላችሁ አትፍረዱበት። የሚጥል በሽታ ከጀመረው ደግሞ ቶሎ ንገሩን። ሞተርና ባጃጅ መንዳት ይችላል አይችልም የሚለውን ግን በስልክ ማንም አይወስንላችሁም። እስኪታይ ቁልፉን ደብቁት።

ባጃጅ ከአጋሮ
ረቡዕ፣ ከምሽቱ 1፡22

ቁልፉ ላይ ነው ጠቡ። እሺ።

ቀበሌ 04
ረቡዕ፣ ከምሽቱ 2፡00

ማንም ያላነሳውን ላንሳ። በየትኛው ቋንቋ ነው የተፈተኑት? የጅማ እናቶች እኮ ቤት ሌላ፣ ገበያ ሌላ፣ ከልጅ ጋር ሌላ ነው የሚናገሩት።

የቅመም ልጅ
ረቡዕ፣ ከምሽቱ 2፡26

በአማርኛ። ግን እውነትህን ነው። እማዬ አፏን የፈታችው በጉራጊኛ ነው። ገበያው ኦሮምኛ ነው። አማርኛ ከኛ ጋር ነው። ስትቆጥር በኦሮምኛ ነው፣ ስትቆጣ በጉራጊኛ።

አሁን ሳስበው፣ ቃላቱን መልሺ ሲላት አንዱን በኦሮምኛ ነው ያለችው። የፈተናውን ቃል አልጠራም፣ ግን «ፈረስ» ተብሎ «ፈርዳ» ብላ እንደመመለስ ነው። ልጁ ዝም ብሎ አለፈው። አስታውሳዋለች እኮ!

ፊደል ቆጣሪ
ረቡዕ፣ ከምሽቱ 3፡10

አልያዘላትም ማለት ነው። ኦሮምኛ ካልሰማ በምን ያውቃል? በአካል ቢሆን አጠገቡ ያለች ነርስ «ልክ ናት» ትለው ነበር።

ቋንቋ ላይ አንድ የሙያ ምሬት ላውጣ። በእንግሊዝኛ «በአንድ ፊደል የሚጀምሩ ቃላት በ1 ደቂቃ ጥራ» የሚባል ፈተና አለ። እንዳለ ወደ አማርኛ አመጡት። «በ‹ለ› ጀምር» ይባላል። ሰውየው «ሎሚ» ቢል ይያዝለት? ለ፣ ሉ፣ ሊ... ሰባት ቤት አለን እኮ! ግዕዙን ብቻ ነው ካልክ ሰውየው ቃል አጥቶ ይደርቃል። ሁሉንም ነው ካልክ ከእንግሊዝኛው የመጣው የነጥብ መለኪያ አይሠራም። ፊደል ላልቆጠረ ሰው ደግሞ ጥያቄው ራሱ ትርጉም የለውም። እኔ «የእንስሳት ስም ጥሪ» ይሻለኛል። በሬና ዶሮ የማያውቅ ሰው የለም። በየትኛውም ቋንቋ ቢጠራልኝ እቀበላለሁ፣ በየትኛው እንደጠራ ግን እጽፈዋለሁ።

ሲስተር ቀስ በቀስ
ሐሙስ፣ ከጠዋቱ 3፡00

ፊደል ቆጣሪ ያነሳው ነገር ላይ ነው የኔ ሐሳብ ያለው። ሁላችንም ስክሪኑ ውስጥ ስላለው ሰው ነው የምናወራው። እኔ የምለው ከስክሪኑ ወዲህ ያለው ሰው ነው የሚወስነው።

አጠገቧ ማን አለ? ልጅ ከሆነች ታንሾካሹካለች፣ ስለምትወዳት። ማንም ከሌለ ስልኩ ይወድቃል፣ ድምፁ ይጠፋል። የሠለጠነ ሰው ካለ ግን ሌላ ነው። የግድግዳውን ቀን መቁጠሪያ ያወርዳል። ወረቀቱን ከታሸገ ፖስታ አውጥቶ በተባለው ሰዓት ያስቀምጣል፣ ሲያልቅ መልሶ ያሽጋል። ሁለተኛ ስልክ ከላይ አቁሞ እጇን ያሳያል። ትሰማ እንደሆነ ያረጋግጣል። «እርስዎ» ይላታል። ሚካኤል 12 መሆኑን ለመርማሪው ይነግረዋል። ከዚያ አፉን ይዘጋል። አፍ መዝጋቱ ነው ሥልጠናው የሚያስፈልገው፣ እመኑኝ።

እንዲህ ያለ ሰው ጅማ ውስጥ ይጠፋል? ዩኒቨርሲቲው ራሱ «ማኅበረሰብ ውስጥ ገብታችሁ ተማሩ» ብሎ የተመሠረተ ነው። የጤና ተማሪዎች ለቲቲፒ (በቡድን ሆነው ለሚያደርጉት የመስክ ሥልጠና) አጋሮ፣ አሰንዳቦ፣ ሰርቦ ሄደው ለሳምንታት ጤና ጣቢያ ይቀመጣሉ። አንድ ተማሪ ሦስቱንም ቋንቋ ሊሰማ ይችላል። አዲስ አበባ ላለው ባለሙያ ዓይንና እጅ መሆን የሚችሉት እነሱ ናቸው። የኒውሮሳይኮሎጂ ባለሙያ (የማስታወስና የማሰብ ችሎታን በፈተና የሚለካ) በየወረዳው እስኪመጣ ብንጠብቅ እኛም አብረን እናረጃለን።

ጅሬን ዳገት
ሐሙስ፣ ከጠዋቱ 3፡20

እሺ ይሁን። ግን ያ ቪዲዮ የት ነው የሚቀመጠው? ነገ የሰው እናት ስትሳሳት የሚያሳይ ፊልም ቲክቶክ ላይ ቢወጣስ?

ሽቦ
ሐሙስ፣ ከጠዋቱ 5፡05

ጋሽዬ፣ የዛሬው ጥያቄዎ ነጥብ ይያዝልዎ።

ቴሌግራም ላይ የተለመደው ቻት ከላኪና ከተቀባይ በቀር ማንም እንዳያነበው ከጫፍ እስከ ጫፍ የተቆለፈ አይደለም፣ «ሲክሬት ቻት» የሚባለው ነው እንጂ። የሰው የአእምሮ ውጤት በዚያ መላክ ደግ አይደለም፣ በቤተሰብ ግሩፕ ውስጥማ ጭራሽ። ሕግም አለ፣ የግል ዳታ ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 1321/2016። የጤና መረጃን ልዩ ጥንቃቄ ከሚያስፈልገው ውስጥ ነው የመደበው። ትቀዳላችሁ ወይ፣ ማን ያየዋል፣ መቼ ይጠፋል ብላችሁ ሳትጠይቁ አትግቡ። እናንተም አትቅዱ።

የቅመም ልጅ
ከ6 ሳምንት በኋላ፣ እሑድ፣ ከቀኑ 10፡00

ጠፍቼ ነበር፣ ይቅርታ። ምን ደረሳችሁ ላላችሁኝ ሁሉ።

መጀመሪያ እዚሁ ጅማ በአካል ሐኪም አያት። ከሁለቱም ጆሮዋ ኩክ ወጣ። እንደ ቡና ፍሬ ነው የሚያክለው፣ ሳልዋሽ። ቢጫዋን ኪኒን ሐኪሙ ከለከላት፣ ከዕድሜዋ ጋር አትሄድም አለ። ታይሮይዱ ደህና ነው። ቢ12 ዝቅ ብሎ ተገኘና መርፌ ተጀመረ።

ከወር በኋላ እንደገና በቪዲዮ ተፈተነች። ፈታኟ አዲስ አበባ ናት፣ እኛ ግን እዚህ ክፍል ውስጥ ነበርን፣ አጠገቧ ኦሮምኛም አማርኛም የሚሰማ ልጅ ነበር። ጉራጊኛ አይሰማም፣ እሱን አላገኘንም። እኔን ከክፍሉ አስወጡኝ። በመስኮት አየኋት። እማዬ ኤርፎን አድርጋ፣ ነጠላዋን አስተካክላ፣ ስክሪኑን እንደ እንግዳ ጎንበስ ብላ ሰላም አለች። ክብሪት እንጨት ሰጧት። ደረደረች። መሀል ላይ ቡና ተጠጣ፣ ከዚያ ቀጠሉ። በጠቅላላው ሰዓት ከ20 ሆነ።

ውጤቱን ፈታኟ ራሷ ለእማዬ ነገረቻት፣ ለኛ ሳይሆን። «እርስዎ» እያለች። ከቆይታ በኋላ ቃላቱን በራሷ ማውጣት አቅቷታል፣ ከብዙ ቃል መሀል ምረጪ ሲሏት ግን አብዛኛዎቹን ለይታለች። ስለዚህ ገብቶላት እንዳለ፣ ማውጣቱ እንደሚከብዳት አስረዳችን። ሐዘኑም አለበት አለች። የበሽታ ስም አልሰጠችውም። በ6 ወር ይደገማል። ይሄ «ገና አልታወቀም» የሚሉት ነገር ከባድ ነው፣ ግን ከ11 ይሻላል።

አሁን በየሳምንቱ ረቡዕ 20 ደቂቃ ያህል አንዲት ነርስ በቪዲዮ ታወራታለች። ሐዘን ሐዘኑንም፣ ሱቅ ሱቁንም። አባባን አንስታ ባለፈው አለቀሰች። ደስ አለኝ ብል ይገርማችኋል።

ከዚያ ደግሞ ዱቤው። ማስታወሻ ደብተር አይሆንም፣ አታነብም። ነርሷ «ድሮ እናትዎ እንዴት ነበር ሂሳብ የሚይዙት?» አለቻት። እማዬ «በባቄላ» አለች። አሁን በየደንበኛው አንድ የቲማቲም ጣሳ አለ። ሽፋኑ ላይ የደንበኛው ምልክት፣ የአንዱ ቁልፍ፣ የአንዷ የነጠላ ጥለት፣ የአናጢው ምስማር። ለ10 ብር አንድ ጥሬ ቡና ትጥላለች። ሲከፍሉ ታወጣለች። በቀን አንዴ ከእህቴ ጋር ትቆጥራለች።

ሲስተር ቀስ በቀስ
እሑድ፣ ከቀኑ 10፡35

ይሄን ጣሳ ለሌሎች ቤተሰቦች ብነግር ትፈቅጃለሽ? ስም አልጠራም። ላንቺና ለእህትሽ ደግሞ የዓለም ጤና ድርጅት ለአስታማሚዎች ያዘጋጀው «አይሰፖርት» የሚባል የኢንተርኔት ትምህርት አለ፣ እ.ኤ.አ. ከ2019 ጀምሮ። ስም ባይወጣለትም እንክብካቤው ያው ነው። እናንተም ትደክማላችሁ።

ባጃጅ ከአጋሮ
እሑድ፣ ከቀኑ 10፡50

የኛ ልጅ ድምፁን እየቀዳ ነው የሚላከው አሁን። ባለፈው ግን ሌላ ሰው ደውሎ ሲያወራው የሚገዛውን ሳይሰማ ተመልሶ መጣ። ቁልፉ አሁንም እናቴ ጡት ማስያዣ ውስጥ ነው።

የቅመም ልጅ፣ ጣሳው እየሠራ ነው ግን?

የቅመም ልጅ
እሑድ፣ ከምሽቱ 12፡15

ሲስተር፣ ለማንም ንገሪ።

ባጃጅ፣ ይሠራ ነበር። ሐሙስ ዕለት እንግዳ መጣብን፣ ቤት ውስጥ ቡና አልቆ ነበር። የእህቴ ልጅ አምስት ጣሳ ገልብጣ ቆላችው። የሰው ዱቤ አፍልተን ጠጣን። እማዬ ሁለተኛውን ሲኒ ይዛ ነው ያወቀችው። ጮኸች፣ ከዚያ ሳቀች፣ ከዚያ ቁጭ ብላ ከአምስቱ ጣሳ የሦስቱን ዕዳ ተናገረች። ለሁለቱ እህቴ ደውላ ራሳቸውን ጠየቀቻቸው። አናጢው 400 ብር አለብኝ አለ። ሌላዋ ምንም የለብኝም ብላለች።